ከእጁ የቀደመው «እኔን!»

ጣሊያን ደሴ በገባ በሦስተኛው ዓመት፣ ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ በሚወጡት ካሚዮኖች ላይ ታኮ ጣይ የሚባል ሥራ ነበር። ታኮ ጉማጅ እንጨት ነው፤ አንድ ጎኑ ወፍራም፣ አንድ ጎኑ ስል። ዕቃ የሞላ ካሚዮን የሐረጎን ዳገት ሲወጣ አንዳንዴ ይደክመዋል። ያጉረመርማል፣ ያስላል፣ ከዚያ ቀጥ ይላል። ቀጥ ካለ ደግሞ ወደ ኋላ መንሸራተት ሊጀምር ነው። ያኔ ከኋላ የተቀመጠው ሰው ዘሎ ወርዶ ታኮውን ከጎማው ሥር መወተፍ አለበት። ቶሎ ካልወተፈ ገደሉ ሩቅ አይደለም። ጣሊያኑን ማንም አልወደደውም፤ መንገዱን ግን ሁሉም ሄደበት።

ጀላል የሚነዳው ካሚዮን ታኮ ጣይ እንየው ነበር።

እንየው የኩታበር ሰው ነው። በጉብዝናው ጊዜ እጀ ፈጣን ይሉት ነበር፤ ሌባ ነበር ማለት ግን አይደለም። ዝንብ በአየር ላይ ይይዛል። ይይዝና ጆሮው ላይ አስጠግቶ ጥዝዝታዋን ሰምቶ ይለቃታል። ሰርግ ቤት ብርሌ ከሰው እጅ ሲያመልጥ፣ መሬት ሳይደርስ እንየው እጅ ውስጥ ይገኛል። ጠጁ እንኳ አይፈስም ይባላል። ይኼኛው እንኳ ሳይጨመርበት አልቀረም፤ ግን ሚስቱ አትጠገብ እሺ ብላ ያገባችው ይኼንን ሰምታ ነው።

አሁን ጠጉሩ ሸብቷል። ቧንቧ ውሃ ሰፈር፣ ትንሽ ቤት ውስጥ ከአትጠገብ ጋር ይኖራል። ነገሩን መጀመሪያ ያየችው እሷ ናት። ጠዋት እነሣለሁ ብሎ ከጀመረ ቆሞ እስኪገኝ ድረስ ብዙ ይቆያል። የኮቱን ቁልፍ ቆልፎ ሲጨርስ እሷ እሳት አያይዛ፣ ቤት ጠርጋ፣ ውሃ ቀድታ ተመልሳለች። አንድ ቀን የድስት ክዳን ከእጇ አመለጠ። እንየው እንደ ድሮው እጁን ሰደደ። ክዳኑ መሬት ወደቀ፣ ተንከባለለ፣ ዞሮ ዞሮ ዝም አለ። ያኔ ያዘው።

«ያዝሁት» አለ።

«እውነትህን ነው። ከዚያ ወዲያማ የት ይሄዳል?»

«ክዳኑ ነው የፈጠነ።»

«ክዳኑ?»

«ዘንድሮ ያልፈጠነ ምን አለ? ጣሊያን ከገባ ወዲህ ሁሉም ነገር ፈጥኗል። ውሻው ፈጥኗል። ዝናቡ ሳይነግር ይመጣል። ዝንቡማ ተይው!»

አትጠገብ ክዳኑን ተቀብላ ድስቷን ከደነች። ከዚያ ቀን ጀምሮ እሱ አጠገብ ሲሆን የሚሰበር ነገር በሁለት እጇ ትይዛለች።

ያን ሰሞን ሌላ ካሚዮን ሐረጎ ላይ ቀጥ ሲል ታኮ ጣዩ ዘገየ። ካሚዮኑ ወደ ኋላ ሄዶ ቦይ ውስጥ ጋደም አለ። ሰው አልተጎዳም። የጫነው ግን የወይን በርሜል ነበርና በርሜሉ ሁሉ እየተንከባለለ ቁልቁል ወረደ። ታች ያለው ክርስቲያን ሰሞኑን ሲዘፍን ከረመ፤ እስላሙም ሲያየው እየሳቀ ከረመ። የካሚዮኖቹ ጌታ ጣሊያኑ ብቻ አልሳቀም። ከአሥመራ ሐኪም አስመጣና፣ ጠጉሩ የሸበተ ታኮ ጣይ ሁሉ ፒያሳ ባለው ግቢ መጥቶ እጁ ይመዘን አለ። እጁ የዘገየ ከካሚዮን ይወርዳል።

«እጅ እንዴት ይመዘናል?» አለ እንየው ጀላልን። «በሚዛን ነው?»

ጀላል የኮምቦልቻ ልጅ ነው። ወፍራም፣ ሳቂታ፣ መሪ ከያዘ አፉ የማያርፍ ሹፌር። «ወላሂ አላውቅም አያ እንየው። በሚዛን ከሆነ ያንተ ይበልጣል፤ ጭቃው ብቻ ይበቃል።»

«አትሳቅ አንተ። ካወረዱኝ የት እንደምሄድ ታውቃለህ?»

ጀላል ያውቃል። መንገድ ላይ ስንቴ ሰምቶታል። እንየው ከካሚዮን ከወረደ ኩታበር ታላቅ ወንድሙ ደምመላሽ ቤት ሊገባ ነው። ደምመላሽ በኩታበር ምድር እንደሱ ዘገምተኛ የለም። አንድ ጫማ አጥልቆ ሁለተኛውን እስኪያጠልቅ እንግዳ መጥቶ ይሄዳል። እንየው ዕድሜውን ሙሉ በሱ ሲሳለቅ ነው የኖረው። ባለፈው ፋሲካ ግን ደምመላሽ ወንድሙ ከወንበር ሲነሣ አይቶት፣ ፈገግ ብሎ፣ በዚያ በቀስታው፣ «አይዞህ… ና… አብረን… ቁጭ እንላለን» አለው። እንየው እስከ ደሴ ድረስ ሲበሳጭ ነው የመጣው።

«አብሽር አያ እንየው፤ አይዞህ» አለ ጀላል። «አንተ ብትቀር እኔስ ከማን ጋር እወጣለሁ?»

የመመዘኛው ቀን ደረሰ። ሐኪሙ ሽበታም፣ ረጋ ያለ ሰው ነው። እጁ ላይ ቀጭን ዘንግ ይዟል። አስተርጓሚው በላቸው ይባላል። ጣሊያንኛ የተማረው ወጥ ቤት ሲሠራ ነውና ስለ ምግብ ሲሆን ማንም አይችለው፤ ከምግብ ውጭ ግን ይቸገራል።

«እጅህን ከዘንጉ ሥር ክፈት» አለው በላቸው። «እሳቸው ይጥሉታል፤ አንተ ቶሎ ትይዛለህ። በቃ ይኸው ነው።»

«ይኸው ነው?» አለ እንየው ደስ ብሎት። እጁን ከፈተ። ሐኪሙ ዘንጉን ለቀቀ።

«እኔን!» አለ እንየው። ዘንጉ መሬት ላይ ወደቀ። እንየው ጎንበስ አለ፣ አነሣው፣ አቧራውን በኮቱ ጠረገ፣ በሁለት እጁ ለሐኪሙ አቀበለ። «እኔን ይድፋኝ ጌታዬ።»

ሐኪሙ በላቸውን አየው። ከእንየው በፊት የገቡትም እንዲሁ አድርገዋል። አንዱም አልያዘም። ሁሉም አንድ ቃል ብለው፣ ጎንበስ ብለው፣ በሁለት እጅ መልሰዋል።

«ይኼ ‹እኔን› የሚሉት ምንድን ነው?» ብሎ ጠየቀ ሐኪሙ።

በላቸው አሰበ። ባንተ ፋንታ እኔ ልውደቅ ማለት ነው ሊል ፈለገ። ጣሊያንኛው ውስጥ ቢፈልግ ቢፈልግ ያገኘው ግን «እወድቃለሁ» የሚለውን ብቻ ነው። እሱኑ አለ።

ሐኪሙ የሚጥል በሽታ መስሎት ደነገጠ። «ሁሉም ይወድቃሉ?»

«ሁሉም» አለ በላቸው በኩራት። «ደሴ ሙሉውን። ወሎ በሙሉ።»

ሐኪሙ መብራቱን አውጥቶ እንየውን ዓይኑን አየው፣ ጆሮውን አየው፣ በአንድ እግር አስቆመው። «ስንት ጊዜ ትወድቃለህ ይላሉ» አለ በላቸው።

«እኔ? አንዴ ከበቅሎ። እሱም ጥፋቱ የበቅሎዋ ነው።»

ሐኪሙ ራሱን ነቀነቀ። በላቸው ነገሩ እንደተበላሸ ገባው። ቃል ቢያጣ ተነሣና፣ ጥቂት ራመድ ራመድ ብሎ፣ ድንጋይ እንደመታው ሰው ተደናቅፎ በግንባሩ ሊደፋ ሆነ። ተራ ጠባቂዎቹ በር ላይ ቆመው ያዩ ነበር። ሁሉም ባንድ አፍ «እኔን!» አሉ። ግቢው ውስጥ የታሰረችው በቅሎ እንኳ ደነበረች።

ሐኪሙ በሩ ላይ ያሉትን አየ፣ በላቸውን አየ። ከዚያ ሳቀ። ዓይኑ እንባ እስኪያወጣ ሳቀ። ሲበቃው እንዲህ አለ፤ በላቸው በዚህ በዚያ ብሎ ተረጎመው፦ «ልማዳችሁ ጥሩ ነው። ካሚዮን ግን ልማድ አያውቅም። የሰው እጅ ከዕድሜ ጋር ይዘገያል፣ የማንም ይዘገያል፤ እኔ ማየት የምፈልገው የናንተ ምን ያህል እንደዘገየ ነው። አፋችሁ ከቀደመ እጃችሁን ማየት አልችልም። እስከዚያ ካሚዮን ላይ አትውጡ፤ በሳምንቱ ተመለሱ። አፍ ዘግታችሁ።»

እንየው ቤቱ ሲገባ ለአትጠገብ ነገራት። እሷም የሸንበቆ ዘንግ ፈልጋ መጣች።

«እጅህን ክፈት።» ለቀቀችው።

«እኔን!»

«አፍህን ያዝ እንጂ ሰውዬ!»

«አፌ እኮ አይደለም፤ ራሱ ነው የሚወጣ።»

ደግማ ጣለች። «እኔን!» ደግማ ጣለች። «እኔ…» ብሎ ዋጠው፤ ዘንጉ ግን እስከዚያ መሬት ደርሷል። አትጠገብ ዘዴ ዘየደች። ውሃ በጣሳ አምጥታ «ጉንጭህን ሙላና ያዝ፤ እንዳትውጥ» አለችው። ዘንጉን ስትለቅ ውሃው ሁሉ ፊቷ ላይ ተረጨ። ጥቂት ቀን እንዲህ ሲል ሰነበተ፤ የአትጠገብ ነጠላ ሲደርቅ አይታይም።

አንድ ቀን ጉንጩን ሞልቶ ቆሞ ሳለ ጎረቤታቸው ኡሙሰልማ እሳት ልትጫር ገባች። «እንዴት ዋላችሁ? ደኅና ነህ አያ እንየው? ቤቱ እንዴት ነው? ካሚዮኑስ?»

እንየው ዓይኑን አፍጥጦ ራሱን ነቀነቀ።

«ተቀየምከኝ እንዴ? ምን አጠፋሁ?»

ራሱን በአሉታ ነቀነቀ። ጉንጩ እንደ ከበሮ ተነፍቷል።

«አላህ ያሽርህ! ጥርስህ ነው ለካ!» ብላ እሳቷን እንኳ ረስታ ሮጠች። ቅርንፉድ ይዛ ተመልሳ አፉን በግድ ልትከፍት ስትል ውሃውን ዋጠው።

ቀስ በቀስ ግን ለመደው። ምላሱን በጥርሱ መሃል ያዝ ያደርግና ዝም ይላል። ዘንጉንም ጫፉ ላይ፣ ሊያመልጥ ሲል፣ አንዳንዴ ይይዘው ጀመር። ዝም ማለቱ እንዲህ ደኅና ከያዘው በኋላ ነው ጣጣው የመጣ።

የንስሐ አባታቸው አባ ገብረ ማርያም ጠበል ሊረጩ መጡ። ደፉ ላይ እግራቸው ተያዘ። እንየው ምላሱን ነክሶ፣ ቃል ሳይተነፍስ፣ እጁን ወረወረ። ክንዳቸውን ሊይዝ ነበር፤ እጁ እስኪደርስ ክንዳቸው አልፎ ስለነበር ሻሻቸውን ያዘ። አባ ገብረ ማርያም መደቡ ላይ ዘጭ ብለው ተቀመጡ፤ ሻሹ እንየው እጅ ላይ ቀረ።

«ምን አደረግሁህ?» አሉ አባ ራሳቸውን በእጃቸው ሸፍነው። «ሰው ሲወድቅ እኔን እንኳ አይባልም? ዝም ብሎ ሻሽ መግፈፍ?»

«አባ፣ ለፈተናው ነው…»

«የምን ፈተና? ዝም ብሎ የሚይዝ ሌባ ነው! ደኅና ሰው አስቀድሞ ይናገራል!»

በማግሥቱ አትጠገብ እንስራ አዝላ ስትገባ እዚያው ደፍ ላይ ተደናቀፈች። አልወደቀችም። እንስራውም አልተሰበረም። እንየው በሩ አጠገብ ቆሞ አያት። ምላሱን በጥርሱ ይዟል። ዝም።

እንስራውን አወረደች። ቀና ብላ ጠበቀች። አሁንም ዝም።

«ከተጋባን ጀምሮ» አለች፣ «እንጨት ሲወጋኝ፣ እሳት ሲፈጀኝ፣ አንድ ቀን እኔን ሳትለኝ ቀርተህ አታውቅም። ስንጣላ እንኳ ትለኝ ነበር።»

«ፈተናው እስኪያልፍ ነው አትጠገብ።»

«እኔም ፈተናው እስኪያልፍ ሳልናገር ልክረም።» እንዳለችውም አደረገች። ዘንግ መጣሉንም ተወች።

እንየው ፒያሳ የሄደው እንዲህ ሆኖ ነው። ሐኪሙ ዘንጉን ያዘ። እንየው ምላሱን ያዘ። ዘንጉ ተለቀቀ፤ ወረደ፣ ወረደ፣ ጫፉ ላይ እንየው ጨመቀው። እንደገና ተጣለ፤ አመለጠው። እንደገና ተጣለ፤ ጫፉ ላይ ያዘው።

ሐኪሙ ለበላቸው ዘንጉን ሰጠና «ለኔ ጣልልኝ» አለው። በላቸው ጣለ። ሐኪሙም ጫፉ ላይ ያዘ፤ ከእንየው እምብዛም አይሻልም። «አየህ» አለ። «አንተም እኔም እንደ ድሮው አይደለንም። ይኼ በሽታ አይደለም፤ ዕድሜ ነው። ደኅና የሚተኛ፣ ደኅና የሚበላ፣ በእግሩ የሚሄድ ሰው እጁ ቀስ ብሎ ነው የሚዘገየው። ድንገት ከዘገየ ግን ሰውነቱ ውስጥ ሌላ ነገር አለ ማለት ነውና ያኔ ወደ ሐኪም ቶሎ ና። የአሁኑ ይበቃል። ሥራህን ሥራ።»

«አለፍክ» አለ በላቸው። «ስለ መብላቱም ተናግረዋል፤ እሱን በደንብ ሰምቻለሁ።»

እንየው በደስታ ሊዘል ቃጣው፤ ጉልበቱ ግን እሺ አላለም። ደምመላሽ ብቻውን ቁጭ ይበላ!

ቤቱ ሳይገባ ከጀላል ጋር ወደ ኮምቦልቻ ወረደ፤ በማግሥቱ ጨው ጭነው ተነሡ። ሐረጎ አጋማሽ ላይ ጭጋግ ወረደ፤ ከካሚዮኑ አፍንጫ ወዲያ ምንም አይታይም። ካሚዮኑ ማሳል ጀመረ። እንየው ታኮውን አቀፈ፣ ምላሱን እንደለመደው በጥርሱ መሃል ያዘ። ካሚዮኑ ቀጥ አለ። እንየው ዘለለ። ሲያርፍ መሬቱ ጠንካራ ነበርና ጥርሱ ግጥም አለ፤ ምላሱም መሃሉ ነበር።

ዓለም ዞረችበት። ቢሆንም ታኮውን ወተፈ። ጎማው ታኮው ላይ ዐረፈ፤ ያዘ። ሥራው ደኅና ተሠራ።

ጀላል ከፊት ሆኖ ፍሬኑን በሁለት እግሩ ረግጦ ጆሮውን አቁሞ ይጠብቃል። ምንም የለም።

«አያ እንየው!» ዝም። «አያ እንየው ኧረ!»

እንየው አፉን በእጁ ይዞ «እእእእ» አለ። በጭጋጉ ውስጥ የሰማው ጀላል፣ ጎማ ሥር የገባ ሰው ነው ያቃሰተው ብሎ አመነ። የእጅ ፍሬኑን ጎትቶ፣ በሩን በርግዶ፣ «ገደልኩት! ወላሂ ገደልኩት!» እያለ ወደ ኋላ ሲሮጥ እግሩ የጨው ጆንያው ማሰሪያ ገመድ ላይ ተጠለፈ። ያ ሁሉ ሰውነት አየር ላይ ተነሣና ቦዩ ውስጥ፣ ጭቃው ላይ፣ በግንባሩ ተደፋ።

«እኔን!» አለ እንየው።

ቃሉ ከደም ጋር ነው የወጣው። ምላሱ ማበጡን፣ ማመሙን፣ መናገር አለመቻሉን ረስቶ ነው ያለው። ጀላል ጭቃ የለበሰ ፊቱን ከቦዩ ቀና አድርጎ አየው። እንየው በሁለት እግሩ ቆሟል።

«አሁን ነው የምትል?» አለ ጀላል። «ሰውዬ፣ አሁን ነው የምትል? እኔ ዓመት ሙሉ እኔንህን ሰምቼ አይደለም እንዴ እግሬን ከፍሬን የማነሣ?»

እንየው አልገባውም። «የቱን እኔን?»

«ካሚዮኑ ቀጥ ባለ ቁጥር ከኋላ እኔን ትለዋለህ እኮ! እንደ ሰው! ታኮው መግባቱን በምን የማውቅ ይመስልሃል? ከዚያ ሆኜ ጎማ አይታየኝ። ሳትል ስትቀር ሞትክ ብዬ ነፍሴ ወጣች! እንዲህ ከሆንክማ፣ አፉ በለኝ አያ እንየው፣ ካንተ ጋር ዳገት አልወጣም። ሌላ ሰው እፈልጋለሁ።»

እንየው የድንጋይ ጠርዝ ላይ ቁጭ አለ። ፈተና አለፈ፤ ባለፈበት ዝምታ ሊወርድ ነው። ደምመላሽ በዓይኑ መጣበት፤ ሁለተኛ ጫማውን ገና እያጠለቀ።

«ዥላል» አለ፤ ምላሱ አብጦ «ጀ» አልወጣለት አለ። «ልንገርህ። እጄ ዘግይቷል።»

«አውቃለሁ።»

«ታውቃለህ?»

«ከዓምና ክረምት ጀምሮ አውቃለሁ። ለዚያ እኮ ነው ፍሬኑን አስረዝሜ የምይዘው። ድሮ ካሚዮኑ ሲቆም ቃሉም ታኮውም እኩል ነበር። አሁን ቃሉ ይመጣል፣ ከዚያ ትንሽ እቆያለሁ፣ ታኮው ይመጣል። ቃሉ እስካለ እኔ ምን ቸገረኝ? እግሬ ወፍራም ነው፣ ይችላል።»

እንየው የጀላልን ወፍራም እግር አየ። ከዚያ ሳቁ መጣ፤ ሲስቅ ምላሱን አመመው፤ ሲያመው «እህህ» አለ፤ ጀላልም ያን ሰምቶ ጭቃውን እየጠረገ ሳቀ።

«እንዲህ እናድርግ» አለ እንየው። «ማሳል ሲጀምር ቀደም ብዬ እኔን እለዋለሁ። ያኔ ፍሬኑን ትይዛለህ። ታኮው ሲገባ ደግሞ እደግመዋለሁ። ያኔ ትለቃለህ።»

«ሁለት እኔን?»

«ሁለት እኔን።»

«መርሐባ! እንግዲህ ተነሥ፣ ቀስ ብለህ። ጨው ነው የጫንነው፣ ወይን አይደለም፤ የሚጠብቀን የለም።»

እንየው ቤቱ ሲደርስ አትጠገብ ምድጃ አጠገብ ናት። ገና አልታረቀችም። አፉን ያዘና «አለፍሁ» ሊል ቢሞክር «አለፍ» ብቻ ወጣ። አየችው። እብጠቱን አየች፣ ከንፈሩ ላይ የደረቀውን ደም አየች፤ ምን ሆንክ ግን አላለችም። ድስቷን ከፈተች። ክዳኑን አንሥታ ትንሽ አሰበች፤ በሁለት እጇ ይዛው ነበርና አንዱን እጇን ለቀቀች። ከዚያ ሁለተኛውንም።

«እኔንንን!» አለ እንየው፤ እጁም ተከተለ።

ክዳኑ ወደቀ፣ ተንከባለለ፣ ዞሮ ዞሮ ዝም አለ። አትጠገብ ዘወር ብላም አላየችው።

«ተወው» አለች። «ቁጭ በል፣ ለምላስህ ለብ ያለ ውሃ በጨው ላምጣልህ። እንዳትረጨኝ ብቻ።»